የጠራኝ ሰው አለ?

ባሌስትራ ማለት የመኪናን ክብደት ከሥር የሚሸከም፣ ተደራርቦ የታሰረ ብረት ነው። እኛ ጋራዥ ግን ሰው ነው። ሥራ በጀመረበት ቀን ካምቢዮ የሚያክል ከባድ ብረት ብቻውን ደረቱ ላይ አቅፎ ከመኪና ሥር ሲወጣ አለቃችን አየውና "ይሄስ ባሌስትራ ነው" አለ። በቃ፣ ባሌስትራ ሆነ። አለቃ ያወጣው ስም አይነሣም። እኔን ወሬ ስለማበዛ ማርሚታ አለኝ፤ የጭስ ማውጫው ሲቀደድ መኪና እንዴት እንደሚያንባርቅ ታውቃላችሁ፣ እንደዚያ ነኝ። ኤሌትሪክ የሚሠራው ጓደኛችን ሥራ ሲያይ እንዳለቀ የመኪና ፍሪሲዮን ስለሚንሸራተት ፍሪሲዮን ተባለ። አለቃ ማንንም "ስምህ ማነው?" ብሎ ጠይቆ አያውቅም። እኛም እርስ በርሳችን ሳንጠያየቅ ፀጉራችን ሸበተ።

ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ ክሪኩ ተንሸራተተና የጭነት መኪናው ባሌስትራ ደረት ላይ ወረደ። በክሪክ ብቻ አትግባ፣ ድጋፍ አስገባበት ብዬ ስንቴ ጮኼበታለሁ። "አሁን እወጣለሁ" ነበር ሁልጊዜ መልሱ። ስናወጣው ይተነፍሳል። የደረት ኪሱ ውስጥ የነበረው ስልክ እንደ ብስኩት ተፈርክሷል። እጄን ጨብጦ "ልጄን" አለኝ። ቀጥሎ ሊል የነበረውን አልጨረሰውም፤ መጨረስም አያስፈልገውም ነበር።

ልጁን አይተናት ባናውቅም ሁላችንም እናውቃታለን። ሚስቱ ስትለየው ሕፃኗን ይዛ ከከተማው ወጣች፤ ከዚያ ወዲያ ዱካቸው ጠፋበት። ፈልጎ ፈልጎ ሲደክመው መጠበቅ ጀመረ። ምሳ ስንበላ መዳፉን ከመሬት ከፍ አድርጎ "ዘንድሮ እስከዚህ ትደርሳለች" ይለናል። መዳፉ በየዓመቱ ከፍ ይላል። እኛ ደግሞ "ተው እንጂ፣ ጣሪያ ልታስነካት ነው" እያልን እንስቅበታለን። እሱም አብሮን ይስቅና "ሳላያት አልሞትም" ይላል።

ሆስፒታል ስንደርስ መዝጋቢዋ ቀና ሳትል "ስም ከነአባት" አለች።

"ባሌስትራ።"

አሁን ቀና አለች። "ወንድሜ፣ የመኪናውን ዕቃ አይደለም የጠየቅኩህ።"

አፌ ተሳሰረ። ማርሚታ አፉ ተሳሰረ ብትሉ ጋራዥ ውስጥ የሚያምናችሁ አታገኙም። ፍሪሲዮንን ዞር ብዬ አየሁት፤ እሱ ጫማውን ያያል። አለቃ ጋ ደወልኩ።

"ባሌስትራ ነዋ" አለኝ።

"እሱን አይደለም፣ እናት አባቱ ያወጡለትን።"

"እኔ ምን አውቄ?" አለኝ። ደሜ ፈላ። ልሰድበው አፌን ከፈትኩና መልሼ ዘጋሁት፤ ስንት ዓመት አንድ ሳህን አብሬው የበላሁት እኔስ ምን አውቄ?

ሐኪሙ ወጣና "ዘመድ ካለው ጥሩለት፤ ከነገ የሚያልፍ አይመስለኝም" አለን።

እግራችን እንዳወጣን ወደ ተከራየበት ቤት ሮጥን። አከራይዋ "ዝምታውን ነው? ምን ሆነ ልጄ?" ብለው ደረታቸውን ያዙ። እሳቸው ደግሞ ዝምታው ነው የሚሉት። "ሲከራይ ስሙን ነግሮኝ ነበር፤ እኔ ግን ዝምታው ዝምታው ስል ጠፋብኝ" አሉ። መታወቂያውንም ለማሳደስ አስገብቶታል አሉን፤ ቢሮው እስከ ሰኞ ዝግ ነው። ቢከፈትስ በማን ስም ልንጠይቅ ነው?

ክፍሉ ውስጥ አልጋ፣ ወንበር፣ ሚስማር ላይ የተሰቀሉ ሁለት ሸሚዞች። ከአልጋው ሥር ግን ካርቶን በካርቶን ላይ ተደርድሯል። አንዱን ከፈትኩት፤ የሴት ልጅ ጫማ ነው፣ መዳፌ ላይ የሚያርፍ። ሌላውን ከፈትኩት፤ ትንሽ ከፍ ይላል። መጨረሻው የአዋቂ ሴት ጫማ ነው። በየዓመቱ በግምት ቁጥር እየጨመረ ሲገዛላት ኖሯል። ፍሪሲዮን አንዱን አንሥቶ ሶሉን ገልብጦ አየውና፣ አንዴም መሬት አለመርገጡን ሲያይ፣ ግድግዳው ላይ ተደግፎ አለቀሰ። እኔ ካርቶኖቹን አንድ ባንድ መልሼ ከደንኳቸው።

ከትራሱ ሥር ፎቶ አገኘን። ሁለት የፊት ጥርሶች ብቻ ያበቀለች ሕፃን ትስቃለች፤ ከግራ ዓይኗ ሥር ማርያም የሳመቻት ጥቁር ምልክት አለ። ጀርባውን አየሁ፤ ባዶ ነው።

ፖሊስ ጣቢያ ሄድን። ተረኛው "ስሙን አምጡልን እንጂ፣ እናፈላልጋለን" አለን። እኛም የምንፈልገው እሱን ነው አልነው። "እና ምን ብለን እናፈላልግ?" አለ። መናደድ አማረኝ፤ ግን እውነቱን ነው።

እሑድ ጠዋት ባሌስትራ ዓይኑን ገለጠ። ነርሷ "ቶሎ በል፣ አሁን ይሰማሃል" አለችኝ። ፊቱ ላይ ጎንበስ አልኩ።

"ስምህ ማነው?"

እንደመገረም ብሎ አየኝ። "ባሌስትራ" አለ።

"እሱን አይደለም ወንድሜ። እናትህ ያወጣችልህን። ልጅህን ልንጠራልህ ነው።"

ጣሪያ ጣሪያውን አየ። የት እንዳስቀመጠው የጠፋበትን ዕቃ እንደሚፈልግ ሰው ግንባሩን ቋጠረ። ከዚያ "በእሱማ ማን ይጠራኛል?" አለና ዓይኑን ከደነ። ከዚያ በኋላ ስጠይቀው፣ ትከሻውን ስነካው አልመለሰልኝም። ነርሷ "ተወው፣ አታድክመው" አለችኝ።

የቀረን ጋራዡ ነው፤ ከዕቃው መሃል አንድ ነገር ባገኝ ብዬ ሄድኩ። በሩ ላይ ጋሼ ተቀምጠዋል፣ ዘበኛችን። የሆነውን ነግሬ ፎቶውን ሰጠኋቸው። መነጽራቸውን አድርገው አዩት፣ አራቁት፣ አቀረቡት። ጣታቸውን ከሕፃኗ ዓይን ሥር አሳረፉ።

"ይቺ ምልክት..." አሉ። "ባለፈው ወር አንዲት ኮረዳ መጥታ ነበር። አባቴን ፈልጌ ነው፣ እዚህ አካባቢ ጋራዥ ይሠራል ብለውኝ ነው አለች። ከዓይኗ ሥር ይቺው ነበረቻት።"

"እና?"

"ስሙን ነገረችኝ። እኔ እንደዚህ የሚባል አላውቅም። ግን አሳዘነችኝና ግቢው ውስጥ ገብቼ በስሙ ጮክ ብዬ ተጣራሁ። ማንም አቤት አላለም። አለቃም ወጣና እንዲህ የሚባል ሰው የለንም አላት።"

ያን ቀን አስታወስኩት። ኮምፕሬሰሩ ይጮሃል፤ ጋሼ አንድ ነገር ሲሉ ድምፃቸውን እንጂ ቃሉን አልለየሁትም። ባሌስትራ ከመኪና ሥር ጭንቅላቱን ብቅ አደረገ። "የጠራኝ ሰው አለ?" አለ። ፊቱ በርቶ ነበር፤ ምን ነካው ብዬ እንደነበር ትዝ ይለኛል። ፍሪሲዮን "ያንተን ስም? ወፍ ትሆናለች የጠራችህ" አለውና ሁላችንም ሳቅን። እሱም ሳቀና ተመልሶ ገባ። እሷ ያኔ በሩ ላይ ቆማለች።

"ስልክ ልተውልዎ ብላኝ ነበር" አሉ ጋሼ። "ለማን ብዬ ልያዝ?"

"ስሙን ያስታውሱ ጋሼ። በሞቴ።"

ዓይናቸውን ጨፈኑ። ከንፈራቸው ይንቀሳቀሳል፣ ይተዋል፣ እንደገና ይንቀሳቀሳል። "እንዲህ ያለ... የልመና ስም ነው" አሉ በመጨረሻ። "ልጅ እየሞተባት የኖረች እናት፣ አንዱ እንኳ ይትረፍልኝ ብላ የምታወጣው ዓይነት። ያኔም ስሰማው እናቱ መከረኛ ናት ብዬ ነበር። ስሙን ግን... የለም ልጄ፣ ሄዷል።" አለቃ ጋ ደወልኩ። ልጅቷንም አላስታወሳትም።

ሆስፒታል ስመለስ ትንፋሹ ይቆራረጣል። ነርሷ ስታየኝ አንገቷን ነቀነቀች። ወንበር ስቤ ጆሮው ሥር ተቀመጥኩ። በሕይወቴ ሰምቻቸው የማውቃቸውን የዚያ ዓይነት ስሞች አንድ ባንድ ጠራኋቸው። ኑርልኝ አልኩት። ተረፈ። መቆያ። ይቆየኝ። እንዳለ። አንዱን ጠርቼ ፊቱን አያለሁ፣ ሌላውን ጠርቼ ፊቱን አያለሁ። ሲያልቁብኝ ከመጀመሪያው ጀመርኩ። ለወሬ የተፈጠረ አፍ እንዳለኝ ያን ጊዜ ደስ አለኝ፤ ዝም ብል ትንፋሹም ዝም የሚል መስሎኝ ነበር። ሁሉም ስም አትሂድ ማለት ነው። እናቱ ያንን ብላ አውጥታለት እዚህ አድርሳዋለች፤ እኔ ግን እየደጋገምኩት ሄደ።

ነርሷ እጁን ከእጄ አላቀቀችና አንሶላውን ወደ ላይ ሳበችው። ካርዱን ከአልጋው ራስጌ ፈታች፤ የስሙ ቦታ ባዶ ነው።

"ስሙን አገኘኸው?" አለችኝ።

"ከጠራኋቸው አንዱ ነው" አልኳት።