የዘገየ መርዶ

የዚያ ዓመት ብርድ ከባድ ነበር። በታኅሣሥ የአሜሪካዋ አሌክሳንድሪያ መንገዶች በበረዶ ተዘጉ። በጥር የሠረቀብርሃን ኩላሊት ሥራ አቆመ። በየካቲት፣ ሲልቨር ስፕሪንግ ሃያ ሁለት ዓመት የሠራበት ፓርኪንግ በማሽን ተተካ፤ ተቀምጦ ትኬት የሚቆርጥባት ጠባብ ክፍል ተነቀለች። በመጋቢት አልጋ ያዘ። ወሩ ሳያልቅ፣ አንድ ማክሰኞ ጠዋት፣ ሞተ።

አንድያ ልጁ ኤፍራታ ያን ቀን ቡዳፔስት ነበረች። ዘጠኝ ዙር ካለው የቼዝ ውድድር ስድስቱን ጨርሳለች። ግራንድማስተር ለመባል በሦስት ውድድር የተወሰነውን ውጤት ማምጣት ነበረባት። ሁለቱን አምጥታለች፤ ይህ ሦስተኛው ነው። ከቀሩት ሦስት ጨዋታዎች ሁለት ተኩል ነጥብ ካገኘች ማዕረጉ የእሷ ነው። ስልኳ አሰልጣኟ ኖህ ዘንድ ነው። በውድድር ጊዜ ስልክ አይነካም የሚለውን ሕግ ያወጣው አባቷ ነበር።

ረቡዕ ጠዋት ቤቱ በለቀስተኛ ሞላ። ጫማው ከደጅ እስከ ሊፍቱ ተደረደረ። ቴሌቪዥኑ ላይ ነጠላ ተጣለበት። የሟች ሚስት የዓለምዘርፍ፣ ፍራሽ ላይ ተቀምጣለች። የሟች እህት የወይንሐረግ፣ ገብረየስን ከመስኮቱ አጠገብ ያዘችው። ገብረየስ ጡረታ የወጣ ባለታክሲ ነው፤ ከአርባ ዓመት በላይ የሟች ጓደኛ።

ለልጅቷ ዛሬውኑ ይነገራት አለችው። ገብረየስ ውድድሩ እስኪያልቅ፣ እስከ ዓርብ ይቆይ አለ።

"አባቷ ሞቶ እዚያ እንጨት ትገፋለች? ነገ በምን ዓይናችን ልናያት ነው፣ ጋሼ?"

"ቀብሩ ሰኞ ነው። ትደርሳለች።"

"ብትጠላንስ?"

ገብረየስ ልጅቷን ስትወለድ ካቀፏት አንዱ ነው። ብትጠላው ምንም እንደማይቀረው ያውቃል።

የዓለምዘርፍ ከፍራሹ ላይ ቀና አለች። "እስከ ዓርብ ይሁን። ተጠያቂው ግን እርስዎ ነዎት።"

"እኔ ነኝ" አለ።

ከዚያ በኋላ በሩ ላይ ወንበር ይዞ ተቀመጠ። የሚመጣው ሁሉ ጫማውን ሲያወልቅ አንድ ነገር ይነግረዋል፦ ፌስቡክ ላይ ፎቶ እንዳይወጣ፣ ነፍስ ይማር እንዳይጻፍ፣ ለማንም ቡዳፔስት እንዳይደወል። የሚያጉረመርም አልጠፋም። ለኖህ ራሱ ደውሎ አስጠነቀቀው። ኖህ እሺ አለ፤ ስልኳንም ቤቷ እስክትገባ እንደማይመልስላት ቃል ገባ።

በሩ ላይ ተቀምጦ የሚያየው ሌላ በር ነበር።

ከአርባ ዓመት በፊት፣ አዲስ አበባ፣ የብሔራዊ ሻምፒዮና አዳራሽ። ሠረቀብርሃን ይመራል። የመጨረሻው ቀን ነው፤ አቻ ከወጣ ሻምፒዮን ይሆናል፣ ውጭ አገር ሄዶ ለአገሩ ይጫወታል። እኩለ ቀን ላይ የእናቱ ሞት ከወልድያ ተሰማ። ሽማግሌዎቹ እንደ ደንቡ ነገ ጎሕ ሲቀድ ቤቱ ሄደን እናርዳው አሉ። ገብረየስ ያኔ ሃያ ሁለት ዓመቱ ነው። ጓደኛዬ ምንም ሳያውቅ እንዴት ይጫወታል ብሎ መታገሥ አልቻለም። አዳራሹ ገባ። በጆሮው ነገረው። ሠረቀብርሃን ሰሌዳውን አየ። እጅ ሰጥቻለሁ ለማለት ንጉሡን በጣቱ አጋድሞ ተነሣ።

እናቱ በዋዜማው ተቀብራ ኖሯል። የወልድያ አውቶቡስም የሚነሣው በማግስቱ ነበር። የጨዋታውን ሰዓት ሙሉ ጣቢያው ላይ ተቀምጠው አሳለፉት። ውጭ አገር የሄደው ሌላ ሰው ሆነ።

ሠረቀብርሃን ይህን አንድ ቀን እንኳ አላነሣበትም። ገብረየስ ቢሰድበው ይሻለው ነበር። ዕዳውን ተሸክሞ አሜሪካ ድረስ መጣ።

ረቡዕ ኤፍራታ አሸነፈች። ሐሙስ አቻ ወጣች። ዓርብ የግድ ማሸነፍ አለባት።

ሐሙስ ከሰዓት ማሙሽ የሚባል ባለሱቅ ለቀስተኛውን አሳቀው። ከሠረቀብርሃን ጋር በዚያች ጠባብ ክፍል አሥራ አንድ ዓመት ቼዝ ተጫውቶ አንድ ጊዜ እንኳ አላሸነፈም። ሠረቀብርሃን ሊረታው ሲል ሰሌዳውን አያይም፤ "ማሙሽ፣ መኪናህን ላምጣልህ?" ይለዋል። ልጅቷ ስድስት ዓመቷ ሳለ ከትኬቱ ሳጥን ላይ ተቀምጣ ታያቸው ነበር። በሰባት ዓመቷ ማሙሽን ረታችው። እሷም መኪናህን ላምጣልህ አለችው።

የዓለምዘርፍ ከማክሰኞ ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ ፈገግ አለች።

ዓርብ ጠዋት ጨዋታው ተጀመረ። ማሙሽ ስልኩ ላይ ሲያይ ሌላው ትከሻው ላይ ይንጠለጠልበታል። የዓለምዘርፍ ተነሣች። ነጠላውን ከቴሌቪዥኑ ላይ ገፈፈች። በለቅሶ ቤት እንዲህ ሲደረግ ያየ የለም፤ የተቃወመም የለም። ማሙሽ ጨዋታውን ቴሌቪዥኑ ላይ አወጣው።

ሦስት ሰዓት ሙሉ ተቀመጡ። ቼዝ የማያውቁት የሚያውቁትን ፊት ያነብባሉ። ድንገት ማሙሽ ፊቱን በእጁ ያዘ።

"ምን ሆነች?" አለች የወይንሐረግ።

"ንግሥቷን ሰጠች።"

"አለቀላት በለኛ።"

"ቆይ። ይህ የአባቷ እጅ ነው።"

ተጋጣሚዋ ንግሥቷን በላ። ኤፍራታ ፈረሷን አስገባች። ከዚያ ሌላኛውን ፈረስ። የሰውዬው ንጉሥ ከጥግ ወጥቶ ሰሌዳው መሐል ድረስ ተነዳ። በስድስተኛው እርምጃ ሰውዬው ተሸነፍኩ አለ፤ ውጤቱ ከስሟ አጠገብ ወጣ።

ከዚያ የወይንሐረግ እልልታዋን ለቀቀችው። ወዲያው ደንግጣ አፏን ያዘች።

"አትተይው" አለቻት የዓለምዘርፍ። "እልል በይ። የሱም ነው።"

ያን ጊዜ ቤቱ በሙሉ እልል አለ። ወንዶቹ ቆመው አጨበጨቡ። እልልታው ከልቅሶው የቱ ጋ እንደሚለይ የሚያውቅ አልነበረም። የላይኛው ፎቅ ነዋሪ ወርዶ በር አንኳኳ፤ ልጃችን ግራንድማስተር ሆነች ብለው እሱንም አስገቡት።

ገብረየስ ብቻ ከወንበሩ አልተነሣም። የእሱ ገና ነው።

ቅዳሜ ከሰዓት ብቻውን ደለስ አየር ማረፊያ ሄደ። ቤት ሳትደርስ ምንም እንዳይተነፍስ ለቅሶው ላይ ያሉት ሽማግሌዎች አዘውታል። ኤፍራታ ሻንጣዋን እየጎተተች ወጣች፤ ሮጣ አቀፈችው። መኪናው ውስጥ ገና ቀበቶዋን ሳታስር፣ "አባዬ አየው? ንግሥቴን ስሰጥ አየ?" አለችው።

"መጀመሪያ ጨዋታውን ንገሪኝ።"

ነገረችው። በእጇ እያሳየች፣ በአማርኛም በእንግሊዝኛም እየደባለቀች፣ ሰውዬው ንግሥቷን ሲበላ እንዴት ዘና ብሎ ውኃ እንደጠጣ፣ ከዚያ ፈረሷን ስታነሣ ብርጭቆውን የት እንደሚያስቀምጥ እንደጠፋው። ገብረየስ ቀስ ብሎ ነዳ። አላቋረጣትም። ከአውራ ጎዳናው ወጥቶ አንድ ባዶ ፓርኪንግ ውስጥ አቆመ።

"ጨረስሽ?"

"ጨረስኩ።"

"አባትሽ ማክሰኞ ጠዋት ዐርፏል።"

ብዙ አለቀሰች። እሱ መሪውን ይዞ ወደፊት ያያል። በኋላ፣ ስድስተኛውን ጨዋታ ማሸነፏን ሰምቶ እንደሆነ ጠየቀችው። ሰኞ ማታ ሰምቶ፣ እያንዳንዱን እርምጃ አስነብቦ እንደተኛ ነገራት።

"አትንገሯት ያለው ማነው?"

"እኔ ነኝ።"

የአዳራሹን ነገር አንድም ሳያስቀር ነገራት። "አባትሽን ከሰሌዳው ላይ ያስነሣሁት እኔ ነኝ። አንቺን ማስነሣት አልቻልኩም። ብትጠዪኝ እውነትሽን ነው።"

ኤፍራታ ፊቷን በእጅጌዋ ጠረገች። ከዚያ ወደ እሱ ዞራ፣ ተጫዋቾች ጨዋታ ሲያበቃ እንደሚያደርጉት፣ ቀኝ እጇን ዘረጋችለት።

ገብረየስ ጨበጠው። ቤት እስኪደርሱ አልለቀቀችውም፤ በአንድ እጁ ነዳ።