የባላንጣ ጥሪ

ሀብተወልድ ቅናተኛ ነው ማለት ሐሜት አይደለም፤ ራሱም አይክደውም ነበር። ሸዋ በር አጠገብ ካለችው ጸጉር ቤቱ ገብታችሁ ስለ ዝናብ ወይም ስለ ቡና ገበያ ብታወሩ እጁ ቅቤ ነው። የእንደሻውን ስም ካነሳችሁ ግን ምላጯ ጉሮሯችሁ ላይ ቆም ትላለች። ሰፈርተኛው ይህን ስለሚያውቅ እየተላጨ ስለ ዳርት አያወራም። ታጥቦ፣ ተጠራርጎ፣ አንድ እግሩን ከደጃፉ ካወጣ በኋላ ነው "ለመሆኑ እንደሻው ድሬዳዋ ላይ እንዴት አደረጋቸው?" የሚለው።

እንደሻው ጋሪ ነጂ ነው። ረጅም፣ ዝምተኛ፣ ከፈረሱ በቀር ከማንም ጋር ብዙ የማያወጋ ሰው። ሐረር ግን የሚያውቀው በጋሪው ሳይሆን በዳርቱ ነበር።

ጨዋታውን ያመጡት እንግሊዞች ናቸው። ጣሊያን ተባሮ የእነሱ ጦር ከተማው ውስጥ በሰፈረ ጊዜ፣ አንድ ሻምበል ባሻ ከእትዬ ለተማርያም ጠጅ ቤት ግድግዳ ላይ በቁጥር የተከፋፈለ ክብ ሰሌዳ ሰቅሎ ትናንሽ ቀስቶች መወርወር ጀመረ። ከሐበሻ መጀመሪያ ቀስቷን የጨበጠ ሀብተወልድ ነው። ይህን ማንም አይክድም፤ እሱም ማንም እንዲረሳው አይፈቅድም። ክረምቱን ሙሉ ከእንግሊዙ ጋር ሲወረውር፣ ሲቆጥር፣ እንግሊዝኛውን ሲሰባብር ከረመ። ከዚያ አንድ ቀን እንደሻው ጌሾ አራግፎ ሊወጣ ሲል ሻምበል ባሻው ለቀልድ አንዲት ቀስት አስጨበጠው። እንደሻው ባዶውን ጆንያ በብብቱ እንደያዘ ወረወረ። መሐሉን መታ። እንግሊዙ ሳቀና ሌላ ሰጠው። እሷም መሐሉን።

"ዕድል ነው" አለ ሀብተወልድ።

ያ ዕድል እስከ ሃምሳዎቹ አጋማሽ ድረስ ዘለቀ።

እንግሊዞቹ ሄዱ፤ ጨዋታው ቀረ። እንደሻው ድሬዳዋ ወርዶ የባቡር ሠራተኞቹን አሸነፈ። ግሪኮቹን በገዛ ክበባቸው፣ በገዛ ሰሌዳቸው አሸነፈ። አሥመራ ተልኮ ሁለተኛ ወጥቶ ተመለሰ። ሀብተወልድ በሕይወቱ ደስ ካለው ቀን አንዱ ያ ወሬ የመጣበት ቀን ነበር፤ ነገር ግን ሰፈሩ ሁለተኛውንም በእልልታ ስለተቀበለው ደስታው ከቀትር አላለፈም። አዲስ አበባ ላይ ደግሞ ከኬንያ የመጣ አንድ እንግሊዝ "እናንተ አገር ዳርት አለ እንዴ?" ብሎ ቢጠይቀው፣ እንደሻው አፉን ሳይከፍት በቀስት መለሰለት ይባላል። በየዓመቱ ከጥምቀት ማግስት በእትዬ ለተማርያም ቤት የሐረር ዋንጫ ይደረጋል። ለመጨረሻው የሚቀሩት ሁልጊዜ ሁለቱ ናቸው። ዋንጫውን በጋሪ ይዞ የሚሄደው ሁልጊዜ አንዱ ነው።

በሐረር ዳርት ውስጥ ሌላ አገር የሌለ አንድ ደንብ አለ። መጀመሪያ ላይ ሰው ራሱ ወርውሮ ራሱ "ሃያ" ሲል ጠብ ይነሳ ነበር። ዳኛ ቢያቆሙም ዳኛው የማን አበልጅ ነው ተብሎ ያው ጠብ ሆነ። ኋላ እትዬ ለተማርያም ብርሌ መሰበሩ ሲሰለቻቸው "ባላንጣ ይጥራ" ብለው ፈረዱ። አንዱ ሲወረውር ተጋጣሚው ከሰሌዳው ጎን ቆሞ ቀስቷ የወደቀችበትን ቁጥር ጮክ ብሎ ይናገራል። ባላንጣህ ሃያ ካለህ ሃያ ነው፤ ማን ለባላንጣው ይጨምራል? ከቀነሰብህ ደግሞ ቤት ሙሉ ሰው ያያል።

እንግዲህ በሃምሳዎቹ አጋማሽ በአንዱ ዓመት፣ የገና በዓል እንዳለፈ፣ እንደሻው "የዘንድሮው የመጨረሻዬ ነው፤ ከዚህ በኋላ አልወረውርም" አለ።

ወሬው ጸጉር ቤት ሲደርስ ሀብተወልድ የአንዱን ጺም ግማሽ ላጭቶ ነበር። ሌላውን ግማሽ ሰውዬው ራሱ ነው ያስታወሰው። ቀላል ነገር ሊመስል ይችላል። ግን እንደሻው ሳይሸነፍ ካቆመ ሀብተወልድ እስከ ዕለተ ሞቱ ሁለተኛ ነው። ቀብሩ ላይ እንኳ "እንደሻውን ለማሸነፍ ብዙ የደከመ" ሊባልለት ነው። አንድ ጨዋታ ብቻ ቀረው።

ለዋንጫው አዲስ ሰሌዳ ያስፈልግ ነበር። የእንግሊዙ ከተቆራረሰ ወዲህ ሰሌዳውን የሚሰሩት ጀጎል ውስጥ ስፌት የሚሰፉት አዴ ዘቢባ ናቸው። እንደ ሞሰብ ክዳን እያዞሩ፣ ሣሩን ጠበቅ አድርገው ይሰፉታል፤ ቀስቷ ስትገባ እንኳ ደስ የሚል ድምፅ አላት። እንደሻው ሰሌዳውን ሊያመጣ ሲሄድ ሀብተወልድ ተከተለው። ብቻውን ከተውኩት ለእጁ የሚመች ያሰፋል ብሎ ፈርቶ ነው።

"እንደምን ዋሉ አዴ ዘቢባ" አለ እንደሻው።

"አልሐምዱሊላህ። እናንተ ዘንድሮም አልታረቃችሁም?"

"መች ተጣላን" አለ ሀብተወልድ።

"ወላሂ ፊትህ ሌላ ነው የሚለው።" ሰሌዳውን አውጥተው ለእንደሻው ሰጡት። ደጃፉ ላይ ፀሐይ ነበር። እንደሻው በጣቶቹ ጠርዙን ዳበሰ፣ ዙር በዙር ነካ ነካ አደረገ።

"እጅዎ ይባረክ። ቀዩ ዙር በተለይ አምሮበታል።"

አዴ ዘቢባ ቀና ብለው አዩት። "ቀዩ የቱ ነው ልጄ? ቀዩ ቀለም አልቆብኝ ጠርዙን በነጭ ነው የጨረስኩት።"

"እሱን ማለቴ ነው" አለ እንደሻው፣ ሰሌዳውንም ብብቱ ሥር አደረገ።

 በጠባቧ መንገድ ሲመለሱ ሀብተወልድ ወደ ኋላ ቀረት ብሎ ተመለከተው። እንደሻው በግራ እጁ ግንቡን እየታከከ ይሄዳል። ጫት የጫነች አህያ ፊት ለፊት መጥታ ባለቤቷ "ዞር በል" እስኪል ድረስ አልተነቃነቀም። ከበሩ ውጭ ጋሪው ላይ ሲወጣ ደግሞ ልጓሙን እንዲሁ ጉልበቱ ላይ ጣለው፤ ፈረሱ በራሱ ተነስቶ፣ በራሱ ታጥፎ ሄደ። ለካ ጋሪውን የሚነዳው ፈረሱ ነው።

ታዲያ ሳያይ እንዴት ይወረውራል? ሀብተወልድ ወንበሩ ላይ ተቀምጦ ሲያስብ ገባው። እንደሻው የመጀመሪያዋን ቀስት ይወረውርና ራሱን ዘንበል አድርጎ ይቆማል። ሰው ሁሉ ኩራት ይለው ነበር። ኩራት አይደለም፤ እያዳመጠ ነው። "አምስት" ሲባል ከሃያው ወደ ግራ እንደሳተ ያውቃል፣ እጁን ለክቶ ይመልሳል። ሰሌዳው በልቡ ነው ያለው፤ የጎደለችውን የሚሞላለት ጥሪው ነው። ጥሪው የማን ነው? የሀብተወልድ። የቅርብ ዓመታቱን ሽንፈት ሁሉ በገዛ አፉ፣ ያውም ጮክ ብሎ፣ ሲያቀብለው ኖሯል።

 በዓይኑ መፍዘዝ እንኳ ቀናበት። ቢናገርበት ምን ይባላል? "ሳያይ የሚያሸንፍ እንደሻው" ይባላል፤ ያን ጊዜ ከዋንጫው ሌላ ጽድቅም ሊጨመርለት ነው። ዝም ብሎ ቢያሸንፈውና ኋላ ቢሰማስ? "ዓይነ ስውር ያሸነፈ ጸጉር አስተካካይ።" ስለዚህ ማንም ማወቅ አልነበረበትም። ከዚያ ቀን ጀምሮ ሀብተወልድ በጠጅ ቤቱ ውስጥ በእንደሻው መንገድ ላይ ያለውን በርጩማ በእግሩ ገፋ ማድረግ፣ ብርሌውንም እጁ ሥር ማስጠጋት ጀመረ።

"የሀብተወልድ ልብ ራራ" አሉ እትዬ ለተማርያም። "ሞት ሳይመጣ አይቀርም።"

የዋንጫው ቀን ቤቱ እስከ ጓሮው ሞላ። ጨዋታው ከሦስት መቶ አንድ እየቀነሱ እስከ ዜሮ መውረድ ነው። መጨረሻው በጠርዙ ጠባብ ዙር ላይ ማረፍ አለበት፤ እዚያ ያረፈች ቀስት ቁጥሯ እጥፍ ይሆናል። ለአንድ ተራ ሦስት ቀስት ነው። ሀብተወልድ እንደዚያ ቀን ወርውሮ አያውቅም። ከማለቂያው ደርሶ እጥፍ አሥር ብቻ ቀረው። ተራው የእንደሻው ሆነ፤ ለእሱ እጥፍ አሥራ ስድስት ቀርቶታል። ከሳተ ሀብተወልድ ይመጣል፣ ያን ቀን ደግሞ ሀብተወልድ አይስትም።

እንደሻው ወረወረ። ቀስቷ ከጠርዙ አለፍ ብላ ከቁጥር ውጭ ተሰካች።

"ባዶ" አለ ሀብተወልድ።

እንደሻው ራሱን ዘንበል አድርጎ ቆመ። ባዶ ምን ይነግረዋል? ወደ ላይ ይሁን ወደ ታች፣ ወደ ውጭ ምን ያህል ይሁን አይታወቅም። ደንቡ ቁጥር ጥራ ነው የሚለው፤ ሀብተወልድ ደንቡን ፈጽሟል። ሁለተኛዋም ከመጀመሪያዋ ጎን ገባች።

"ባዶ።"

ቤቱ ውስጥ ሹክሹክታ ተነሳ። ከበደ የሚሉት የሥጋ ነጋዴ ለጎረቤቱ "አርጅቷል ምስኪን" አለ። እትዬ ለተማርያምም ብርሌ እያጠቡ፣ "ታሞ ነው እንጂ በጤናው ሀብተወልድ ያሸንፈው ነበር?" አሉ።

ይህ ነገር ሀብተወልድን ጦር ሆኖ ወጋው። ዋንጫው በሁለት ክንድ ርቀት ላይ ነው፤ ገና ሳይነካው "ታሞ ነው" ተባለበት። ዕድሜ ልኩን የቀናበት ያንን እንደሻውን ነው፣ ጆንያ በብብቱ ይዞ መሐሉን የመታውን። እሱን ሳይሆን የእሱን በሽታ ካሸነፈ ምን አገኘ?

"ባዶ ናት" አለ እንደገና፣ ድምፁ እንደ ተናደደ ሰው ሆኖ። "ሁለቱም አንድ ቦታ። ከጠርዙ በአንድ ጣት ውጭ።"

ሰው ሁሉ ዞሮ አየው። እንዲህ ያለ ጥሪ ተሰምቶ አያውቅም። እንደሻውም ፊቱን ወደ ድምፁ መለሰ፣ እጁን ለካ፣ ከዚያም ወረወረ።

ሀብተወልድ ሰሌዳውን አየ። ደንብ ነውና መናገር ነበረበት። "እጥፍ አሥራ ስድስት" አለ። "ጨርሷል።"

እልልታው ጓሮ ድረስ ተሰማ። ከበደ ሀብተወልድን ትከሻውን መታ አድርጎ "ደግ ሰው ነህ ለካ" አለው። ከሽንፈቱ ይልቅ ያመመው ይህ ነው።

ውጭ ጋሪው አጠገብ እንደሻው ዋንጫውን ይዞ ቆሞ ጠበቀው።

"መቼ አወቅህ?"

"አዴ ዘቢባ ዘንድ።"

"ታዲያ ለምን አልተናገርክም?"

"ስምህ እንዲገን ነው የምትፈልገው?"

እንደሻው ፈገግ አለ። "የዓይን ሞራ ነው ብለውኛል። እንግዲህ አቁሜ ልረፍ።"

"አታርፍም" አለ ሀብተወልድ። "ሰኞ ዓይን ሐኪም ዘንድ ትሄዳለህ። እኔ ነኝ የምወስድህ፣ በእግርህ፤ ፈረስህን አላምነውም። ዓይንህ ይገለጥና፣ ያን ጊዜ ነው የማሸንፍህ።"

"ቢላ እፈራለሁ።"

"እኔ ዘንድ ተላጭተህ ስለማታውቅ ነው።"

ሰኞ ወሰደው። በር ላይ እንዳይመለስ ክንዱን ይዞ ተቀመጠ፤ ነርሷ "ወንድሙ ነዎት?" ብትለው "እግዜር አያምጣው" አላት። ፋሲካ አልፎ እንደሻው የጠርሙስ ቂጥ የሚያህል መነጽር አድርጎ ወጣ። መጀመሪያ ያየው ሀብተወልድን ነው።

"ሸብተሃል" አለው።

"አንተ ያሸበትከኝ ነው። ና ወደ ሰሌዳው።"

ያን ዕለት ከሰዓት ጠጅ ቤቱ ውስጥ ከእትዬ ለተማርያምና ከሁለት ጠጪዎች በቀር ሰው አልነበረም። ሲፎካከሩ ቆዩና ሀብተወልድ እጥፍ አሥር ቀረው። ወረወረ። እንደሻው አፍንጫውን ሰሌዳው ላይ ሊያስነካ አስግጎ አየ።

"እጥፍ አሥር።"

"አልሰማሁም" አለ ሀብተወልድ።

"እጥፍ አሥር። አሸንፈሃል።"

"ጆሮዬ ዛሬ ምን ነካው?"

እንደሻው ሦስተኛ ጊዜ ደገመለት፣ ጮክ ብሎ፣ መንገድ አላፊው ሁሉ እንዲሰማ። ሀብተወልድ ዓይኑን ጨፍኖ አጣጣመው። ያን ጊዜ እትዬ ለተማርያም ከጓዳ፣ "መነጽሩን እኮ ገና አልለመደውም" አሉ።

ሀብተወልድ ዓይኑን ገለጠ። ኮፍያውን ከሚስማሩ ላይ አንስቶ ራሱ ላይ ደፋ። "እኔ ከዛሬ ጀምሮ ዳርት አቁሜያለሁ" አለ። "ሳልሸነፍ።"

"አንድ ጊዜ አሸንፈህ?" አሉ እትዬ ለተማርያም።

"ማቆም በቁጥር ነው እንዴ?"

እንደሻው በሩ ላይ ቆሞበት ነበር። "እኔ ልረፍ ስል ክንዴን ይዘህ ቢላ ሥር አስተኝተኸኛል" አለው። "አሁን የት ትሄዳለህ?" ቀስቶቹን ከሰሌዳው ነቅሎ ዘረጋለት። "ያዝ። መጀመሪያ አንተ ነህ የምትወረውረው፤ እኔ እጠራለሁ።"

ሀብተወልድ በሩን አየ፣ የእንደሻውን መነጽር አየ። ያሸነፋት አንዷ ጨዋታ ገና በአፉ እየጣፈጠች ነበር፤ አሁን የምትወሰድበት ነገር አለችው። ኮፍያውን አውልቆ ወደ ሚስማሩ መለሰ።

"ዛሬውኑ መነጽሩን ትለምደዋለህ" አለ። "ከዚያ በኋላ ሰበብ የለም።"