የአቶ ፈርም መዝገብ

«ነፍስ ይማር! ምን ዓይነት ሰው ነበሩ መሰላችሁ!» አለ የመብራት ድርጅቱ ጉዳይ አስፈጻሚ፣ ፎልደሩን ብብቱ ስር እንደሸጎጠ።

ልጅቱ ከተቀመጠችበት ቀና ብላ አየችው። አባቷ ከተቀበረ ገና ሦስተኛ ቀኑ ነው፤ ሰውየው ግን ዓይኑን በጨው አጥቦ መጥቷል። ሟቹን «ያ ነጭናጫ ሽማግሌ» ሲል የኖረ አፍ ዛሬ ቅቤ ይቀባል። ደግሞ ለቅሶ ቤት ፎልደር ይዞ የሚመጣ ማን ነው?

ወንድሟ ተሽቀዳድሞ ወንበር ሳበለት። ይሄ ወንድሟ ኮት የለበሰ ሁሉ አለቃው ይመስለዋል።

ሻይ ቀረበ። ጎረቤቶች በየጥጉ ይንሾካሾካሉ። ጉዳይ አስፈጻሚው ሁለቴ ፉት አለና ወረቀቱን ጠረጴዛው ላይ ዘረጋ።

«ጊዜው እንዳልሆነ አውቃለሁ። ግን ትልቁ መስመር በጓሯችሁ ሊያልፍ ነው። የአባታችሁ መጠረዣ ክፍል ትፈርሳለች። ወራሾቹ እዚህች ጋ ብትፈርሙልኝ…»

«ባንፈርምስ?» አለች።

«እህቴ፣ ያው ነው። አሮጌው መስመር በዚህ ካለፈ ሃያ ዓመት ሞላው። ማንንም ሳናስፈቅድ ስንገባ ስንወጣ ኖረናል። በሕጉ ሃያ ዓመት ሳያስፈቅድ የተመላለሰ መብቱ የራሱ ይሆናል።»

«እንፈርምና እንገላገል» አለ ወንድሟ። «አባዬም በዚህ ሽቦ ሲነታረክ ነው ዕድሜውን የጨረሰው።»

ሲነታረክ! ደሟ ፈላ። በተለይ ያበገናት ግን ይህን ቃል እሷም አንድ ጊዜ ተናግራው ስለምታውቅ ነው።

አባቷ መጽሐፍ ጠራዥ ነበር። የመብራት ሠራተኞቹ መጀመሪያ የመጡ ዕለት አጥር ዘለው ገብተው የኮክ ዛፎቹን ከግንዳቸው ጨፈጨፏቸው። አልጮኸም። ክፍሉ ገብቶ አንድ ወፍራም መዝገብ በቀይ ጨርቅ ጠረዘ፤ በማስመሪያ አራት ቦታ ከፈለው፦ ስም፣ የገባበት፣ የወጣበት፣ በማን ፈቃድ። በሩ ላይ በሲባጎ አንጠለጠለው። ከዚያ ወዲያ መሰላል ተሸክሞ የመጣን ሁሉ «ፈርም!» ነው። ሠራተኞቹ ስሙን አቶ ፈርም አሉት። ከሱ ጋር ከመጨቃጨቅ መፈረም ስለሚቀል እየሳቁ ፈረሙ።

አንድ ቀን ከጓደኞቿ ጋር ከትምህርት ቤት ስትመለስ፣ አንዱን ከመሰላል አስወርዶ ሲያስፈርም ደረሰች። በኀፍረት መሬት ተከፍታ ብትውጣት በወደደች።

«አባዬ፣ በዚህ ሽቦ እየተነታረክ አታዋርደን!» አለችው።

«ልጄ፣» አለ እስክሪብቶውን ጆሮው ላይ እየሰካ፣ «ያስፈቀደ እንግዳ ነው። ሳያስፈቅድ የለመደ ግን ውሎ አድሮ ባለቤት ይሆናል።»

ያኔ አልገባትም። እውነቱን ለመናገር እንዲገባትም አልፈለገችም።

አሁን ብድግ ብላ ወጣች። መዝገቡን ከበሩ ፈትታ አመጣችና ወረቀቱ ላይ ዘጭ አደረገችው። የመጨረሻው ገጽ በለቀስተኞች ስም ተሞልቷል፤ የሐዘን መዝገብ መስሏቸው ሲገቡ ሁሉ ፈርመዋል። ከሁሉም በታች፣ ከነማዕረጉ፣ በሚያምር የእጅ ጽሕፈት የተሞላ አንድ መስመር አለ።

«ይሄ የማን ነው? ‹በማን ፈቃድ› የሚለው ላይ ‹በቤተሰቡ ፈቃድ› ብለዋል።»

«እኔ እኮ… የለቅሶ መስሎኝ…»

«ይሁና። እነዚህስ?» ወደ ኋላ ገለጠች። የሃያ ዓመት ፊርማ፣ መሰላል ተሸካሚው፣ ቅርንጫፍ ቆራጩ፣ ተቆጣጣሪው ሳይቀር። ሁሉም «በባለቤቱ ፈቃድ» ይላሉ። «መቼ ነው ሳታስፈቅዱ የገባችሁት?»

ሰውየው ወረቀቱን ከመዝገቡ ስር ጎትቶ ፎልደሩ ውስጥ ከተተና ተነሣ።

«የወጡበትን ሰዓት መሙላት እንዳይረሱ» አለችው። እስክሪብቶውን ሳይቀበላት ወጣ። ወንድሟ ስኒውን ትኩር ብሎ ያያል፤ ሌላ ምን ያውቅበታል?

እሷው ሰዓቱን ሞላችለት። ከዚያ አዲስ መስመር ላይ «አባዬ» ብላ ጻፈች። የገባበትን ዘለለችው፤ ቤቱ ነው። የወጣበት፣ እሑድ ጠዋት። በማን ፈቃድ የሚለው ላይ ስትደርስ እንባዋን በክንዷ ጠረገችና ሞላችው።

«ሳያስፈቅደኝ።»