ሳትወልድ ሞተች

የእህቴን ልጅ ቃለ አብን በአሥራ ሰባት ዓመቱ የገደለችው ፀሐይ ናት። ይህን ለመዘዞ ሰው ብትነግሩት ይስቅባችኋል። መዘዞ ብርዳም ነው፤ እዚያ ፀሐይ መድኃኒት ናት። በሽተኛ ጠዋት ጠዋት ከግድግዳ ሥር ይቀመጣል፣ አራስ ልጅ ቅቤ ተቀብቶ ይሞቃል፣ ሽማግሌ ፀሐዩን እየተከተለ ቦታ ሲለዋውጥ ይውላል። እህቴ ታንጉትም ልጇ ከንፈሩ ላይ ቁስል ሲያወጣ ማንም እናት የምታደርገውን አደረገች። «ፀሐይ ያደርቅልሃል» እያለች በየማለዳው ደጅ አስቀመጠችው። ቁስሉ ወደ አፍንጫው፣ ከአፍንጫው ወደ ዓይኑ ሲሄድ ከጠዋቱ ላይ የከሰዓቱን ጨመረችለት።

አዲስ አበባ ያሉ ሐኪሞች ከቁስሉ ቆርጠው መርምረው ውጤቱን ሲነግሩን የልጁ አንድ ዓይን ጠፍቶ ነበር። ካንሰር ነው አሉን። ከሥሩ ግን ሌላ በሽታ አለ፤ ከአባትም ከእናትም የተወረሰ ነው፤ ፀሐይ ቆዳውን ስትጎዳው ሰውነቱ ጉዳቱን በትክክል ማለፍ አይችልም፤ ሌላ ልጅ ካላችሁ ከፀሐይ ደብቁት አሉ። አንደኛው ሐኪም የእህቴን ባል ፍሥሐን «ከባለቤትህ ጋር ዘመዳሞች ናችሁ?» ብሎ ጠየቀው። ፍሥሐ እንደ ስድብ ቆጠረው። «ሰባት ቤት ተቆጥሮልኝ ነው ያገባሁት» ብሎ ተነስቶ ወጣ።

ቃለ አብ በኅዳር ሞተ። የአርባው ማግስት፣ የእድሩን ድንኳንና ሳህን መልሰን ስንገባ፣ ታናሽ እህቱ እታገኘሁ ከግድግዳው ሥር ፊቷን ለፀሐይ ሰጥታ፣ ዓይኗን ጨፍና ተቀምጣለች። ዘጠኝ ዓመቷ ነው። አፍንጫዋና ጉንጯ ላይ ጠቃጠቆ ፈሷል፤ ልክ እንደ ወንድሟ፣ ልክ በዚያ ዕድሜው እንደነበረበት።

«አንሺያት ከዚያ!» ብዬ ጮህኩ።

«ምነው እትዬ፣ ብርድ ነው እኮ። ትሙቅ እንጂ» አለች ታንጉት።

ፍሥሐ ከበረት ወጥቶ መጣ። ለቅሶ ያከሳው ሰው ነው፤ ድምፁን ከፍ አላደረገም። «ምሥራቅ፣ ሐኪሙ በሁለታችሁም ደም ያለ ነገር ነው አለ። ዘመዳሞች ሳትሆኑ አትቀሩም አለ። አይደለንም። አባትሽ የኔታ መጽሐፍ ገልጠው ቆጥረውልኛል። በአንዱ ከሳተ በሌላው እንዴት አምነዋለሁ? አንዱን ቀበርኩ። ይቺን ደግሞ በቁሟ ጨለማ ቤት ልቅበራት?»

ያልመለስኩለት ስለማላውቅ አልነበረም።

እኔ ደብረ ብርሃን ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ባዮሎጂ አስተምራለሁ። ከስድስት ዓመት በፊት፣ ለሁለተኛ ዲግሪዬ በክረምት ስማር፣ አንድ መጽሐፍ ውስጥ የአንድ ልጅ ፎቶ አየሁ። ፊቱ ላይ ያለው ጠቃጠቆ የቃለ አብ ነው። ስለ በሽታው አራት ገጽ አነበብኩ። ሕመሙ ዘመዳሞች ሲጋቡ በሚወለዱ ልጆች ላይ ይበዛል ይላል። እዚያ ላይ ስደርስ መጽሐፉን ዘጋሁት። የታንጉትና የፍሥሐ ሰባት ቤት ተቆጥሯል፤ የቆጠሩት ደግሞ አባቴ ናቸው፤ እንግዲህ ይህ በሽታ የኛ አይደለም አልኩ። መጽሐፉ «ይበዛል» አለ እንጂ «ያለዚያ አይሆንም» አላለም። ይህን ልዩነት ለተማሪዎቼ በየዓመቱ አስተምራለሁ። ፈተና ላይ አወጣለሁ። ለራሴ ሲሆን ግን ዝም አልኩ፤ የአባይን ልጅ ውሃ ጠማው ይሏል ይሄ ነው። ያኔ ልጁ አሥራ አንድ ዓመቱ ነበር፤ አንዲት ቁስል አልነበረችበትም።

ቅዳሜ በሚኒባስ ወደ አንኮበር ወረድኩ፤ አባቴ ዘንድ። ምን ፈልጌ እንደሄድኩ በደንብ አላውቅም። ፍሥሐ የሚሰማው እሳቸውን ብቻ ነው፤ ምናልባት «ልጅቷን አስገባ» እንዲሉልኝ ይሆናል።

አባቴ የኔታ ወልደኪዳን ቁም ጸሐፊ ናቸው። ብራና ፍቀው፣ ቀለም በጥብጠው፣ ዳዊት ሲገለብጡ ኖረዋል። እጃቸው ንጹሕ ነው ይባላል፤ በእሳቸው መጽሐፍ ላይ ስርዝ ድልዝ ያየ ሰው የለም። ከቤታችን ዳዊት መጨረሻ ላይ ደግሞ የቅድመ አያታቸው የወልደሩፋኤል ዘር በዝርዝር ተጽፏል። በአገሩ ጋብቻ ሲታሰብ ሽማግሌ ሁሉ በቃሉ ይቆጥራል፤ አባቴ ግን መጽሐፍ ይዘው ስለሚመጡ የሚከራከራቸው አልነበረም።

እንደ ልማዳቸው ከመስኮቱ ሥር ብርዕ ይዘው አገኘኋቸው። ጉልበታቸውን ስሜ ተቀመጥኩ። ስለ ልጁ ትንሽ ከተላቀስን በኋላ «እስቲ በሽታው ምን እንደሆነ በሚገባኝ ንገሪኝ» አሉኝ።

«ሰውነታችን በዓይን ከማይታዩ ሴሎች የተሠራ ነው» አልኳቸው። «በእያንዳንዱ ሴል ውስጥ መጽሐፍ አለ፤ ዲኤንኤ ይባላል። ሴሉ ለሁለት ከመከፈሉ በፊት መጽሐፉ መገልበጥ አለበት፤ ለሁለቱም አንድ አንድ እንዲደርስ።»

«ስንት ፊደል ነው?»

«ከእናት ሦስት ሺህ ሚሊዮን፣ ከአባትም ያንኑ ያህል።»

«በስንት ዓመት ይገለብጡታል?»

«በስምንት ሰዓት ገደማ።»

አባቴ ቅናት ይሁን አድናቆት ባልታወቀ ፊት ራሳቸውን ነቀነቁ። «ይሳሳታሉ እንግዲህ።»

«ይሳሳታሉ። ግን ከኋላ እየተከተለ የሚያርም አለ። የተሳተውን ፊደል ቆርጦ አውጥቶ ትክክለኛውን ይተካል።»

«ስሕተት እንደምፍቅበት ምላጬ» አሉ፤ ደስ አላቸው።

«አዎ። ፀሐይ ደግሞ ሌላ ጣጣ ታመጣለች። ጎን ለጎን ያሉ ሁለት ፊደሎችን ታጣብቃቸዋለች። ገልባጩ እዚያ ሲደርስ ማንበብ ያቅተውና ይቆማል። ጤነኛ ሰው ውስጥ ለዚህ ብቻ የተፈጠረ ሌላ ገልባጭ አለ፤ የተጣበቀው ምን እንደነበር አውቆ በትክክል ጽፎ ያልፋል። የቃለ አብ ሰውነት ያን ገልባጭ አልነበረውም።»

«ታዲያ የተበላሸው ቦታ ላይ ሲደርስ ምን ያደርጋል?»

«ወይ ቦታውን ባዶ ይተወዋል፣ ወይ የማያውቅ ሌላ ይመጣና በግምት ይሞላዋል። ባዶ የተተወውም ኋላ ይሞላል፤ ሁልጊዜ ግን በትክክል አይደለም። ክፋቱ ከዚያ በኋላ ነው። በግምት የተጻፈው በሚቀጥለው ሲገለበጥ ስሕተት መሆኑን የሚያውቅ የለም። እንደ እውነት ይገለበጣል። ከዚያ ሴል የሚወጣው ሁሉ ያንኑ ይዞ ይወጣል። እንዲህ ያለ ስሕተት ሲከማች ካንሰር ይሆናል።»

አባቴ ብርዓቸውን አስቀመጡ። ከማስተምራቸው ስልሳ ልጆች አንዱም እንዲህ ቶሎ ገብቶት አያውቅም። እኔ ሞኟ በልጃቸው ትምህርት የተደሰቱ መስሎኝ ነበር። «ባዶ መተው ይሻል ነበር ማለት ነው» አሉ፤ የጠየቁ አይመስሉም።

ተነስተው ከማኅደሩ ሁለት ዳዊት አወጡ። አንደኛው እሳቸው የጻፉት ነው። ሌላው እሱን የገለበጡበት አሮጌው ነው። ሁለቱንም መጨረሻቸው ላይ ገልጠው ጉልበቴ ላይ አስቀመጡልኝ። በአሮጌው ላይ የወልደሩፋኤል አምስት ልጆች በየተራ ተጽፈዋል። ከአምስተኛዋ፣ ከወለተሐና ስም በታች፣ ጣሪያው አፍስሶ ሁለት መስመር በልቶታል፤ ቡናማ እድፍ ብቻ ነው። በአዲሱ ላይ እድፍ የለም። በሚያምር ቀይና ጥቁር ቀለም «ወለተሐና ሳትወልድ ሞተች» ይላል።

«ይህን ከየት አገኙት?» አልኳቸው።

«ከየትም አላገኘሁት። መስመሩ ጠፍቷል። ባዶ ትቼው ብሄድ መጽሐፉ ያሳፍረኛል፤ እጁ ደከመ ይሉኛል። የሚጠይቅም የለም፣ ከሞተች ስንት ዘመኗ ነው ብዬ ጻፍኩት።»

«ለታንጉት ሲቆጥሩስ?»

አባቴ ጎንበስ አሉ። «ከፍሥሐ ወገን አንድ ሽማግሌ ነበሩ። የኛ ልጅ ቅድመ አያት ወለተሐና ከአንኮበር የመጣች ናት ይባላል አሉ። የኛዋ እንደሆነች ጠረጠርኩ። ግን መጽሐፉ በሰው ፊት ተገልጧል። አነበብኩላቸው። ሳትወልድ ሞተች አልኩ። ሽማግሌው ‹እንግዲያው ሌላ ወለተሐና ትሆናለች› ብለው ይቅርታ ጠየቁኝ።»

«ይቅርታ ጠየቁህ?» በሕይወቴ ለመጀመሪያ ጊዜ አባቴን አንተ አልኩ። «አራት ቤት ናቸው ማለት ነው። ልጁ ሲበሰብስ ሁለት ዓመት አይተሃል፤ ሐኪሙ ዘመዳሞች ናቸው እንዳለም ሰምተሃል፤ አፍህን አልከፈትክም!»

«ትዳራቸው ይፈርሳል ብዬ ነው» አሉ። ከዚያ ደግሞ፣ እውነቱን ለመናገር ያህል፣ «ስሜም ይጠፋል ብዬ ነው» አሉ።

እታገኘሁ ጠቃጠቆ እንዳወጣች ነገርኳቸው። «ነገ ራሴ እነግራቸዋለሁ» ብለው ጋቢያቸውን አነሱ።

እሁድ ከቅዳሴ በኋላ በሚኒባስ ደብረ ብርሃን፣ ከዚያ መዘዞ ደረስን። እውነቴን ነው፣ እኔ ውስጤ በኩራት ተሞልቶ ነበር። ጥፋተኛውን በእጄ ይዤ የምሄድ ዳኛ መሰልኩ።

አባቴ አልተንተባተቡም። ፍሥሐና ታንጉት እንኳን ደህና መጡ ብለው ሳይጨርሱ፣ ሁለቱን መጻሕፍት መደብ ላይ ዘርግተው የሠሩትን ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው ተናገሩ። ፍሥሐ ቆሞ ሰማ።

«አራት ቤት ነው፣ የኔታ?»

«አራት ቤት ነው፣ ልጄ።»

«ሃያ ዓመት ከእህቴ ጋር ነው የተኛሁት።» እንደ እንግዳ ሰው ታንጉትን አያት። «የንስሐ አባቴ እስኪወስኑ ከወንድሜ ቤት እሆናለሁ» አለ። በሩ ላይ ሲደርስ ዞር ብሎ «ልጅቷን ከፀሐይ አስገቧት» አለና ወጣ።

የፈለግሁት ይህንን ነበር። አገኘሁት።

ታንጉት አላለቀሰችም። አባቷንም አልተናገረቻቸውም። ወደኔ ዞረች።

«እትዬ፣ አንቺ ይህን በሽታ መቼ ነው ያወቅሽው?»

ሐኪሞቹ ሲነግሩን ማለት እችል ነበር። ማንም አያውቅብኝም። አባቴ ግን ከመደቡ ጥግ፣ በሰው ፊት ተዋርደው፣ አንሰው ተቀምጠዋል፤ ያዋረድኳቸው እኔ ነኝ።

«የዛሬ ስድስት ዓመት» አልኩ። «መጽሐፍ ላይ አየሁት። ቃለ አብን መሰለኝ። ሰባት ቤት ተቆጥሯል ብዬ ተውኩት።»

«ያኔ ቁስል ነበረው?»

«አልነበረውም።»

«ያኔ ብደብቀው ይኖር ነበር?»

«ሳይኖር አይቀርም ነበር።»

ታንጉት ቀስ ብላ ራሷን ነቀነቀች። «አባባ የብራና ሰው ናቸው። ዘመድ ከዘመድ አጋቡ፤ ለኃጢአታቸው ራሳቸው ያውቃሉ። ፀሐይ ልጄን እንደምትበላው የምታውቂ ሰው ግን ከዚህ ሁሉ አገር አንቺ ብቻ ነበርሽ። በየበዓሉ ትመጫለሽ። በገዛ እጄ ደጅ ሳስቀምጠው እያየሽ ጎኑ ተቀምጠሽ ትሞቂ ነበር።»

እውነት ነው፤ ጎኑ ተቀምጬ ነበር። ትከሻዬ ላይ ተደግፎ እንቅልፍ ይወስደው ነበር።

እታገኘሁን ጠርታ አስገባች። ከሣጥኑ ውስጥ ወፍራም የሱፍ ባና አውጥታ በመስኮቱ ላይ በምስማር መታችው፤ ቤቱ ጨለመ። ከዚያ እንደ ተማሪ በየተራ ጠየቀችኝ። ደመና ሲሆንስ? በመስታወት በኩልስ? ፀሐይ ስትጠልቅ መውጣት ትችላለች? ትምህርት ቤትስ? የማውቀውን ሁሉ አንድ ሳላስቀር ነገርኳት። ምናልባት በሕይወቴ ያስተማርኩት ጥሩ ትምህርት እሱ ነው። ታንጉት እያንዳንዱን ደግማ በቃሏ ያዘች።

«ጨረስሽ?» አለችኝ።

«ጨረስኩ።»

«እንግዲያው አባባን ይዘሽ ውጪ። ሁለተኛ ደጄን እንዳትረግጪ።»

ወጣን። በሩን ከኋላችን ዘጋችው። አባቴ በትራቸውን ተደግፈው ሲራመዱ እኔ እዚያው ቆምኩ። ከውስጥ እታገኘሁ «እማ፣ አክስቴ ምሳ አትበላም እንዴ?» ስትል ሰማኋት።

«አክስት የለሽም» አለቻት ታንጉት።