ለወንድም ልጅ የተያዘ ቤት

ወይዘሮ የሺሃረግ ክፉ ሴት አይደሉም። ይህ ቀድሞ ይነገር፤ ቀጥሎ የሚመጣው ሌላ ያስመስላቸዋልና።

ከባምቢስ ገባ ብሎ ያለው ግቢያቸው፣ ካዛንቺስ ሲፈርስ ከመንገዱ ወዲህ በመዋሉ ብቻ የተረፈ ነው። በዋናው ቤት ብቻቸውን ይኖራሉ። ከጓሮ ያለውን ባለሁለት ክፍል ሰርቪስ ደግሞ መድኃኒት ለዓመታት ተከራይታው ኖራለች። መድኃኒት ከመቀሌ የመጣች፣ ኦሎምፒያ አካባቢ ባለ ሆቴል እንግዳ ተቀባይ የሆነች፣ ድምጿ ከበር የማያልፍ ሴት ናት። ልጇን ሉሊን የወለደችው እዚያው ግቢ ሳለች ሲሆን፣ ክርስትና ያነሷት ወይዘሮ የሺሃረግ ናቸው። ከዚያ ወዲህ በሁለቱ መካከል ውል የሚባል ነገር ማንሳት ነውር ሆነ። የክርስትና ልጅ እናት በወረቀት ትታሰራለች እንዴ?

አዲሱ የቤት ኪራይ ሕግ ሲመጣ ግን ወረቀቱ ግዴታ ሆነ። አከራይና ተከራይ ቢያንስ የሁለት ዓመት ውል ጽፈው ወረዳ ማስመዝገብ አለባቸው፤ አከራይ እንዳሻው ኪራይ መጨመርም ሆነ ማስወጣት አይችልም ተባለ። መድኃኒት አንድ ቅዳሜ ጠዋት እንደ ጥፋተኛ አንገቷን ደፍታ መጣች።

«እማማ፣ ሁሉም እያስመዘገበ ነው። እኛም ብንሄድስ?»

የወይዘሮ የሺሃረግ ልብ ራደ። በስድሳ ሰባት ዓመተ ምሕረት፣ ገና ልጃገረድ ሳሉ፣ የአባታቸው ቤቶች «ትርፍ ቤት» ተብለው ሲወረሱ በዓይናቸው አይተዋል። ያኔም መጀመሪያ የመጡት መዝጋቢዎች ነበሩ፤ ውሃ ለምነው የጠጡ ትሑት ሰዎች። አባታቸው ከፊት እየመሩ ቤቶቹን አንድ በአንድ አሳዩአቸው። ከዚያ ወዲህ ለወይዘሮ የሺሃረግ መመዝገብና መወረስ አንድ ነገር ነው። ይህን ፍርሃታቸውን እንዳለ ቢናገሩት መድኃኒት ቁጭ ብላ ታስረዳቸው ነበር። እሳቸው ግን ፈራሁ ማለት ውርደት መሰላቸው፤ ያላሰቡት ቃል ከአፋቸው ወጣ። የወንድማቸው ልጅ ፍሬአብ ሚስት ሊያገባ ከደሴ እንደሚመጣና ቤቱ ለእሱ እንደሚፈለግ ዓይናቸውን በጨው አጥበው ነገሯት።

መድኃኒት ቀና ብላ አየቻቸው። ከዚያ «እሺ እማማ» አለችና ወጣች።

ጎረቤት ግን ዝም አላለም። አጥር የሚጋሩት ወይዘሮ ለምለም፣ የራሳቸውን ቤት አስመዝግበው የጨረሱ ሴት፣ መድኃኒትን ሕጉ ካንቺ ጋር ነውና ንቅንቅ እንዳትዪ እያሉ ሲመክሯት ሰነበቱ። አልሰማ ስትላቸው ራሳቸው ወረዳ ሄደው ተናገሩ፤ ሁለቱም ተጠሩ። ወይዘሮ የሺሃረግ ነጠላቸውን አጣፍተው ኮራ ብለው ገቡ። ጉዳዩን የያዘው ወጣት መድኃኒትን ውጪ ተብለሽ ነው ወይስ በፈቃድሽ ብሎ በትሕትና ጠየቃት። አንድ ቃል ብትናገር ከቤቱ የሚያስነሳት አልነበረም። ወይዘሮ የሺሃረግ ያቺን ቃል መሬት መሬት እያዩ ጠበቋት።

«በፈቃዴ ነው» አለች መድኃኒት። «ሌላ ቤት አግኝቻለሁ።»

ብዙም ሳትቆይ ዕቃዋን አይሱዙ ላይ ጭና ኮዬ ፈጬ ገባች። ድሮ በእግሯ ትደርስበት ወደነበረው ሥራ አሁን በሁለት ታክሲ ትመጣለች ተባለ። ወይዘሮ የሺሃረግ ያን ዕለት ተገላገልኩ ብለው ነበር። ግን ሰፈሩ የፈረሰበት ሰው ሁሉ ቤት ፍለጋ ላይ ነውና ደላሎች ከበሩ አልጠፋ አሉ። እሳቸውም ለሁሉም ቤቱ ለወንድሜ ልጅ ተይዟል ይላሉ፤ አንዴ ተናግረውታልና መመለሻ አጡ። ክረምቱ በባዶው ቤት ላይ ዘነበበት፤ ግድግዳው ሻገተ። የወይዘሮ ለምለም ቤት ግን ተመዝግቦ፣ ተከራይ ገብቶበት፣ አሁንም የወይዘሮ ለምለም ነው። ማንም አልወረሰውም። ይህን በየቀኑ ከአጥር ማዶ ሲያዩ የወይዘሮ የሺሃረግን አንጀት ጸጸት በላው። በገዛ እጃቸው ሰው አስወጥተው ሻጋታ አስገብተዋል።

መድኃኒት ግን ሉሊን ለማቁረብ ኡራኤል ማምጣቷን አልተወችም። አንድ እሁድ ቅዳሴ ሲያልቅ፣ ልጅቱ ለጠበል ስትሰለፍ፣ ወይዘሮ የሺሃረግ እናቲቱን ወደ ዛፉ ጥላ ሳብ አደረጓት።

«ፍሬአብ አልመጣም፤ አይመጣምም። ዋሽቼሻለሁ።»

«አውቃለሁ እማማ። የፍሬአብን የሰርግ ቪዲዮ አምና በኔ ስልክ አብረን አይደል ያየነው?»

ወይዘሮ የሺሃረግ ክው አሉ። ጨርሶ ረስተውት ነበር። ለካ በዚያችው ሴት ስልክ እልል ያሉለትን ሙሽራ ነው ለሁለተኛ ጊዜ ሊድሩ የተነሱት።

«ታዲያ ወረዳ ለምን ዝም አልሽ?»

«ምን ልበል? የልጄ የክርስትና እናት ውሸታም ናቸው ልበል?»

ወይዘሮ የሺሃረግ አለቀሱ። ፈርተው እንደነበር፣ ስለ አባታቸው ቤቶች፣ ሁሉንም ነገሯት። ነገ ጠዋት ወረዳ ሄደን እንፈራረም፣ ተመለሺልኝ ብለው ለመኗት። መድኃኒትም እንባ አቀረረች፤ ግን ራሷን ነቀነቀች።

«አልቀየምኩዎትም፣ ማርያምን። ያን ቀን ፈራሁ ቢሉኝ ኖሮ ውሉም ይቅር እል ነበር። አሁን ግን ብመለስ፣ በሬ በተንኳኳ ቁጥር ደግሞ ምን ሊሉኝ ይሆን እያልኩ ነው የምኖረው። በቃ፣ አልችልም።»

ሉሊ አፏን በነጠላዋ እንደሸፈነች እየሮጠች መጣች። ጠበሉን ስለጠጣች ነጠላውን ዝቅ አደረገችና የክርስትና እናቷን ጉልበት አቀፈች።

«እማማ፣ ሙሽሮቹ ገቡ? እማዬ ቤት ስለሌላቸው ነው የለቀቅንላቸው ብላኛለች።»

መድኃኒት ፊቷን ወደ ቤተ መቅደሱ አዞረች። ወይዘሮ የሺሃረግ የልጅቱን ፊት አዩ። እውነቱን ቢናገሩ እናቷን ውሸታም ማድረጋቸው ነው።

«ገብተዋል» አሉ።

«ቤታችንን ወደዱት?»

«በጣም ወደዱት፣ ልጄ።»

ሉሊ ደስ አላት።