መሀል የሌለው ትሪ

እናቴ ቤቷን ለመልቀቅ የተገደደችው በደረጃው ምክንያት ነው። የምትኖረው ሦስተኛ ፎቅ ላይ ነው፤ ደረጃው ላይ ወድቃ እግሯን ከተጎዳች ወዲህ ዳቦ ለመግዛት መውረድ እንኳ ፈተና ሆኖባታል። ከሁለት ልጆቿ አንዱ ጋ መግባት አለባት፤ ወይ እኔ ጋ፣ ወይ ታላቅ ወንድሜ ጋ። «እሑድ ለምሳ ኑ፣ የወሰንኩትን እነግራችኋለሁ» አለችን በስልክ። መጀመሪያ የደወለችው ለእሱ ነው። ጠይቄ አረጋግጫለሁ።

ወንድሜ አለቃ ነው የሚባለው። ከልጅነቱ ጀምሮ አለቃ ነው፤ ኋላ እውነትም የመሥሪያ ቤት አለቃ ሆነና ስሙ ልክ እንደ ተሰፋለት ኮት ገጠመው። እኔ ማሙሽ ነኝ። ሃምሳ ሊሞላኝ ነው፣ ፀጉሬ ሸሽቷል፣ ላሜራ ስቆርጥና ሳጥፍ ኖሬ ጣቶቼ ቡሎን መስለዋል፤ አሁንም ማሙሽ ነኝ።

እናቴ እኔ ቤት እንድትገባ ፈልጌ ነበር። ሚስቴ ከሄደች ወዲህ ባዶውን የቆመውን ክፍል ቀለም ቀባሁት። መታጠቢያ ቤቱ ግድግዳ ላይ የምትደገፍበት ብረት በየድኩላት። እሱ ምን አዘጋጀ? ምንም። መመረጥ የለመደ ሰው ምን ብሎ ይዘጋጃል። እኔ በዕድሜዬ አንድ ቀን፣ እሱ ፊት፣ «ከማሙሽ ጋር ነው የምሄደው» ስትል መስማት ነበር የምፈልገው። ሌላ አልጠየቅኩም።

ስለዚህ ኮሽታ ልጋግርላት ወሰንኩ።

ኮሽታ እኛው ቤት የወጣለት ስም ነው። ፖምና ኮክ ተከትፎ ከታች ይነጠፋል። አጃ፣ ዱቄት፣ ቡናማ ስኳርና ቅቤ በጣት ታሽቶ ፍርፋሪ ሲመስል ከላይ ይነሰነስና ኦቭን ይገባል። ታቹ ይልማል፣ ላዩ ይደርቃል፤ ማንኪያ ሲነካው ኮሽ ይላል። እናታችን ፍራፍሬ በረከሰ ቁጥር በአራት ማዕዘን ትሪ ትጋግረው ነበር። እዚህ ላይ ነው ነገሩ። የትሪው ጥግ ላይ ያለው በሁለት በኩል ብረት ስለሚነካው ስኳሩ አሮ እንደ ከረሜላ ይሆናል። የቤቱ ሰው ዓይኑ እዚያ ነው። አንዱ ጥግ ለአባታችን ነበር። ሁለቱ ለአለቃ። አራተኛው ለእንግዳ፤ እንግዳ ከሌለ ለአለቃ ለነገ ይቀመጥለታል። ለእኔ መሀሉ፣ ጥርስ ላላወጣ ሕፃን እንደሚሰጥ የላቆጠው። አንድ ቀን አፌን ከፍቼ ጥጉን ብጠይቅ «ታላቅህ እኮ ነው» ተባልኩ። ታላቅነት የሆነ ጊዜ ላይ የሚያልቅ ነገር መስሎኝ ጠበቅኩ። አላለቀም።

ጫማው እንደዚያው ነበር፤ አዲሱ ለእሱ፣ የእሱ አሮጌ ለእኔ። ትምህርቱም እንደዚያው፤ እሱ ቀጠለ፣ እኔ ከሰባተኛ ክፍል ወጥቼ ላሜራ ቤት ገባሁ። ኋላ ቤት ሲሠራ የጣሪያውን አሸንዳ ለሌላ ሰው አሠርቶ አየሁት። «ላላስቸግርህ ብዬ እኮ ነው» አለኝ። እኔ እንጀራ የምበላው አሸንዳ ሠርቼ ነው። የሰው ሁሉ ዝናብ በእኔ እጅ ሲወርድ የወንድሜ ጣሪያ ብቻ ሌላ ሰው ደጅ ሄደ። ሆድ ይፍጀው ብዬ ተውኩት፤ ሆዴ ግን አልፈጀውም።

ለእሑዱ የራሴን ትሪ ሠራሁ። ከማይዝግ ላሜራ፣ ረዘም ያለ። ውስጡን እንደ እባብ የሚጠማዘዝ ግድግዳ አስገባሁበትና ከታች ወለሉን እየበሳሁ በሪቬት ምስማር መታሁት። የትም ቦታ ማንኪያ ብታገባ ጥግ ነው። መሀል የሚባል ነገር የለውም። ጨርሼ ብርሃን ላይ አንስቼ አየሁት። በእጄ ሥራ እንደዚያን ቀን ኮርቼ አላውቅም።

እሑድ ጠዋት ቀድሜ ደረስኩ። እናቴ እግሯን በርጩማ ላይ ሰቅላ መስኮቱ ሥር ተቀምጣለች፤ መሐረብ በእጇ ይዛለች።

«ምንድነው የያዝከው? የመኪና ራዲያተር ነው?»

«ትሪ ነው፣ እማዬ። ኮሽታ ልጋግርልሽ ነው።»

«ኮሽታ?» መሐረቡን ወደ አፏ አስጠጋች። «አይ ማሙሽ፣ ባትደክም ይሻል ነበር።»

«አለቃ ቢሆን ባትደክም አትይውም።»

«አለቃ መቼ ጋግሮ ያውቃል? እሱ እንቁላል ሲቀቅል እንኳ ድስት የሚያሳርር ሰው ነው።»

አልሳቅኩም። መሐረቡን አፏ ላይ ማድረጓን ግን አየሁ። ምግቤን ገና ሳትቀምስ ተጠየፈችው ብዬ ጥርሴን ነክሼ ወደ ወጥ ቤት ገባሁ።

ፖሙን ላጥኩ፣ ኮኩን ፍሬውን አውጥቼ ከተፍኩ፣ ሎሚ ጨመቅኩበት፣ ቀረፋ ነሰነስኩበት። ቅቤው እንዳይቀልጥ ከፍሪጅ እንደወጣ ነው ከአጃው ጋር የሚታሸው፤ የእኔ እጅ ደግሞ ከብረት ጋር ስለሚውል ቀዝቃዛ ነው። በዚህ እንኳ ከእሱ እበልጣለሁ፣ የእሱ መዳፍ ሁልጊዜ ላብ ነው። ፍሬውን በግድግዳዎቹ መካከል አሰለፍኩት፣ አጃውን ከላይ አለበስኩት፣ ግድግዳ ግድግዳው ሥር ስኳር ጨመርኩበት። ጥግ ከሆነ አይቀር ጥግ ይሁን ብዬ። ኦቭኑ ውስጥ ፍሬው ተንተክትኮ ጭማቂው በየጠርዙ ሲፈላ፣ ጠርዙ ሲጠቁር፣ ቤቱ ሲያውድ ወንበር ስቤ ፊት ለፊቱ ተቀመጥኩ። እንደ ዘበኛ።

አለቃ ከሚስቱ ጋር መጣ። ሚስቱ መድኃኒት ቤት ነው የምትሠራው፤ ሰውን ስታይ የትኛው ኪኒን እንደሚያስፈልገው የምታስብ ነው የምትመስለው። ፔርሙዝ ይዛለች።

«ምንድነው እሱ?» አልኳት።

«ሾርባ ነው። ለእማዬ።»

ምሳ እየተሠራ መሆኑን በደረጃው ሁሉ እየሸተታቸው ነው የወጡት። በእኔ ምግብ ላይ ሾርባ ይዞ መምጣት ምን ማለት እንደሆነ ለማወቅ ከሰባተኛ ክፍል ማለፍ አያስፈልግም።

«ደኅና ነህ፣ ማሙሽ?» አለ ወንድሜ።

«ደኅና ነኝ፣ ክቡር አለቃ።»

«ዛሬን እንኳ ተወው።»

«ምኑን?»

«በሆድህ የያዝከውን።»

«ሆዴ ውስጥ ምን እንዳለ ካወቅክ መድኃኒት ታዝልኝ፣ ሚስትህ አጠገብህ ናት።»

«ለእሱ የሚሆን በመደርደሪያ የለንም» አለች እሷ፣ ፔርሙዙን ጠረጴዛ ላይ እያስቀመጠች።

ትሪውን አውጥቼ መሀል ጠረጴዛ ላይ አኖርኩት። አለቃ ጎንበስ ብሎ አየው። «ጎበዝ። ይሄን ያህል ግድግዳ ግን ምን ያደርጋል?»

«ጥግ እንዲበዛ ነው።»

«የምን ጥግ?»

ፊቱን አየሁት። እያሾፈ አልነበረም። አያስታውሰውም። እኔ ዕድሜ ልኬን ስመኘው የኖርኩትን ነገር እሱ በልቶት ረስቶታል። ቢያሾፍብኝ ይሻለኝ ነበር።

ለእናቴ የመጀመሪያውን ቆረጥኩላት። በሦስት በኩል ያረረ፣ የሚያብረቀርቅ፣ በልጅነቴ ቢሰጠኝ ከትራሴ ሥር ደብቄ የማሳድረው ዓይነት። ሳህኑን ጉልበቷ ላይ አስቀመጥኩ። በማንኪያ ነካ ነካ አደረገችው። ኮሽ አለ።

«ጥሩ ነው» አለች።

«አልቀመስሽውም እኮ።»

«ሽታው ይበቃል።»

«እማዬ፣ አንድ ጊዜ ንከሺው።»

«ተዋት» አለ አለቃ።

«አንተን አልጠየቅኩህም። ሾርባህን ጠብቅ።»

እናቴ አየችኝ። ከዚያ የሰጠኋትን ጥግ አንስታ ነከሰችው። ከጉሮሮዋ እንደ ማቃሰት ያለ ድምፅ ወጣ፤ መሐረቡን አፏ ላይ ጫነችው። ስታነሳው ጨርቁ ደም ነክቶታል። አፏን ያኔ ነው ያየሁት። የፊት ጥርሶቿ የሉም። ድዷ አብጧል።

ከወደቀች ወዲህ በስልክ ብቻ ነው ያገኘኋት፤ የተጎዳው እግሯ ብቻ መስሎኝ ነበር።

«ከወደቀች ጀምሮ የምትውጠው ሾርባ ብቻ ነው» አለች የወንድሜ ሚስት ውሃ እያቀበለቻት። «ሐኪም ቤት ያመላለሳት እሱ ነው።»

«ማንም አልነገረኝም።»

«መቼ ልንገርህ?» አለች እናቴ። አፏን ስትከፍት ቃሉ እንደ ፉጨት ይወጣል። «ስትደውል የመጀመሪያ ጥያቄህ ‘አለቃ መጥቶ ነበር?’ ነው። መጥቶ ነበር ስልህ ትዘጋዋለህ።»

እሷ አፏን ተጉመጠመጠችና ሳህኑን ወደ እኔ ገፋችው። «በል፣ ከመሀሉ ትንሽ ስጠኝ። ለስለስ ያለውን።»

ትሪውን አየሁት።

«መሀል የለውም» አልኩ።

«ምን?»

«መሀል የለውም። ሁሉም ጥግ ነው። እንደዚያ አድርጌ ነው የሠራሁት።»

የወንድሜ ሚስት ፊቷን ወደ መስኮቱ አዞረች፤ ትከሻዋ ግን ሲንቀጠቀጥ ይታየኛል። እየሳቀች ነው።

«ለማን ብለህ ነው እንደዚያ የሠራኸው?» አለች እናቴ።

«ላንቺ ነዋ። የሚወደደው ጥጉ አይደል?»

«ማን ነው የሚወደው? እኔ ጥጉን ስበላ አይተኸኝ ታውቃለህ? መሀሉን እኮ እኔና አንተ ነበርን የምንበላው። ከአንድ ሳህን። ፍሬውን እየለቀምኩ ወደ አንተ በኩል ስገፋልህ አልነበረም?»

አላስታውስም። እዚያው ቆሜ ላስታውስ ሞከርኩ። የሚታየኝ የአለቃ ሳህን ብቻ ነው።

አለቃ ሳህኑን ከፊቴ አነሳው። ያረረውን በቢላ ጫፍ ገፈፈ፣ ከሥሩ ያለውን ፍሬ በሹካ ደቆሰ፣ ወተት ጠብ አደረገበት፣ ሰጣት። በላችው። እስከ መጨረሻው በላችው። እኔ የጋገርኩትን በእሱ እጅ በላች።

«ፍሬው ጥሩ ወጥቶልሃል» አለችኝ። ወዲያው ማንኪያውን እንኳ ሳታስቀምጥ «አለቃ ጋ ነው የምሄደው» አለች።

«ለሾርባው?»

«ለሾርባው አይደለም። አንተ እኔን የምትፈልገኝ እሱ እንዳይወስደኝ ነው።»

«ቢሆንስ? ክፍሉን ቀብቻለሁ። ብረት በይጄልሻለሁ።»

«እግዜር ይስጥህ። እሱ ግን ሲመጣ ስለ አንተ አያወራም። ስለ እኔ ነው የሚያወራው።»

ይዤ የመጣሁትን ፎጣና ትሪውን አነሳሁ። አለቃ እስከ በሩ ተከተለኝ፣ በዝግታ፣ ታማሚ እንደሚሸኝ ሰው። «እሑድ እሑድ እየመጣህ ታያታለህ» አለኝ።

«በቀጠሮ ነው ወይስ በማመልከቻ?»

«ማሙሽ፣ እኔ እኮ ምንም አላደረግኩህም።»

«እኔስ ምን አልኩ። ምንም አላደረግክም። ዝም ብለህ በላህ።»

«ትሪውን ተወው፣ እኔ አጥበዋለሁ» አለች ሚስቱ ከውስጥ። «በጥርስ ብሩሽ ካልሆነ የሚጸዳ ባይመስልም።»

ትሪውን ከነሙቀቱ በፎጣው ጠቅልዬ ይዤው ወረድኩ። እናቴ የወደቀችበት ደረጃ ላይ ተቀመጥኩና አንድ ጥግ በጣቴ ፈልቅቄ አፌ ውስጥ ከተትኩ። ኮሽ አለ። ጣፋጭ ነበር፤ ስመኘው እንደኖርኩት። ጣፋጭ መሆኑ ይበልጥ አናደደኝ። አንድ ጥግ ጨምሬ በላሁ። ከዚያ በኋላ መንጋጋዬ ደከመ።

ወደ ቤት አልሄድኩም። የቀባሁትን ክፍል ማየት አልፈለግኩም። ሱቄን ከፍቼ፣ የተረፈውን ሳህን ላይ ገልብጬ፣ ትሪውን ጠረጴዛው ላይ ደፋሁት። ልጨፈልቀው ነበር ሐሳቤ። መዶሻውን አንስቼ ነበር። ግን ጥሩ ላሜራ ነው። መሮ ይዤ የሪቬቶቹን ራስ አንድ በአንድ ቆረጥኩ። የመጨረሻው ሲበጠስ ያ እባብ የመሰለው ግድግዳ ብድግ ብሎ ወጣ፤ ጥግ ወረወርኩት።

የቀረው ተራ ትሪ ነው። አራት ጥግ፣ የተቀረው መሀል። ታቹ ሪቬቶቹ በነበሩበት ሁሉ ተበሳስቷል፤ ወደ መብራቱ ባነሳው ብርሃኑ በቀዳዳዎቹ ገብቶ ፊቴ ላይ ነጠብጣብ ሠራ። ጭማቂ አይዝም። ቀዳዳዎቹን ልደፍናቸው የብየዳ መነጽሬን አጠለቅኩ።

ለማንም ብዬ አይደለም። የሚያፈስ ትሪ ሱቄ ውስጥ እንዲያድር አልፈልግም።