ለአንድ ሰው አንድ ድንኳን

«ድንኳን ለአንድ ሰው ሁለት ጊዜ አይተከልም፣ እትዬ ወለላ» አሉ የዕድሩ ዳኛ አቶ ክንዱ፣ ደጃፉ ላይ እንደ ቆሙ። «አደይን በስድሳ አራት ዓመተ ምሕረት አልቅሰናታል። መዝገቡ ላይ አለ።»

«ያኔ አልሞተችም ነበራ!» አለች ወለላ ከሰሌኑ ላይ ሳትነሣ። «ልጄ የሞተች አሁን ነው።»

ደብዳቤው ከሮም ከመጣ ሦስተኛ ቀኑ ነው። ቀበሌው ቀድሞ ከፍቶ አንብቦታል፤ መርዶም በፈቃድ ሆነ እንግዲህ! አደይ ሆስፒታል ሞታ እዚያው ተቀብራለች ይላል። ግቢው ባዶ ነው፤ ከጣና የሚነሣው ነፋስ ብቻ ይመላለስበታል። ከጎረቤት የመጣች ሙሉነሽ ብቻ ናት፤ እሷም ለወሬ ይሁን ለለቅሶ እንጃ።

ወለላ አደይን የወለደቻት ጎርጎራ ላይ ግንበኛ ከነበረ ጣሊያን ነው። ዘጠኝ ዓመት ሲሞላት «ላስተምራት» ብሎ ወደ አገሩ ወሰዳት፤ ወሰዳት፣ አበቃ። አድጋ «ፊልም እሠራለሁ» ብላ ስትጽፍ፣ ወለላ ፊልም ማለት ኑሮን ፎቶ ማንሣት መሰላት። በስድሳ አራት አንዱ ፊልሟ ባሕር ዳር መጣ። ወለላ ልጇን ከሃያ አራት ዓመት በኋላ አየቻት፤ ወዲያው በጥይት ገደሉባት። አደይ ዓይኗ እንደ ተገለጠ ወደቀች፤ ነጮቹ ተራምደዋት አለፉ።

«ዓይኗን ክደኑላት! ሰው የለም ወይ!» ብላ ጮኸች ወለላ። አዳራሹ ሙሉ ሣቀባት።

እየጮኸች ቤቷ ስትገባ ዕድርተኛው መርዶ መጣ ብሎ ድንኳን ተከለ፤ ሦስት ቀን ንፍሮ ቆረጠመ። በወሩ ደብዳቤ ደረሰ፦ «እማዬ፣ ደህና ነኝ። ለጠይም ሴት የሚሰጡት ሥራ ያው ነው፤ ገረድ ሆኜ እገባለሁ፣ ፊልሙ ሳያልቅ እሞታለሁ። እስካሁን አሥራ አንድ ጊዜ ሞትሁ።» ከዚያ ወዲህ ወለላ ገበያ በወጣች ቁጥር «ልጅሽ ዛሬስ ተነሣች?» የማይላት አልነበረም።

አምና ደግሞ አደይ ነጭ ቆብ ያደረገችበትን ፎቶ ላከች። «እማዬ፣ እልል በይ! ለቴሌቪዥን ነርስ ሆንሁ። ይቺ አትሞትም ብለውኛል፤ በየሳምንቱ በሕይወት አለሁ።»

«ይሄም ፊልም ቢሆንስ?» አለች ሙሉነሽ ድምጿን ዝቅ አድርጋ። «እንዳለፈው ደብዳቤ መጥቶ ብናፍርስ?»

«ምነው ፊልም በሆነ!» አለች ወለላ። «አሥራ ሁለተኛዋ በሆነች! እናንተ ስትሥቁብኝ እኔ እልል ባልሁ!»

አቶ ክንዱ «ደንቡ ነው እንግዲህ» ብለው ሄዱ።

ወለላ የነርሷን ፎቶ አንሥታ ጭኗ ላይ አጋደመችው። አደይ ዓይኗን ገልጣ ትሥቃለች።

«እዚያስ ማን ከደነልሽ?» አለቻት። ሁለት ጣቶቿን በፎቶው ዓይኖች ላይ አሳርፋ፣ ቀስ ብላ ወደ ታች ሳበቻቸው።

ሙሉነሽ ነጠላዋን ዘቅዝቃ ከጎኗ ተቀመጠች። ወለላ ግን ጣቶቿን አላነሣችም።